ጭብጨባው የእኛ፣ ፍርዱ የእሳቸው

«ቅርስ ነው!» አለ አንደኛው።

«የሰይጣን ሥራ ነው!» አለ ሁለተኛው።

ሁለቱም ወዳጆቼ ናቸው፤ ሁለቱም ዲግሪያቸውን ግድግዳ ላይ የሰቀሉ ሰዎች ናቸው። ለክርክሩ ሰበብ የሆነው አንድ የባህል ትርኢት ነው። ወጣቶች ነጭ ለብሰው፣ ከበሮ አንግተው፣ ቄጤማ ጎዝጉዘው የባለ ዛር ቤትን ምሽት መድረክ ላይ አመጡት። አንዷ ተወዛዋዥ ፀጉሯን በትና አጓራች፣ ዕጣኑ ተትጎለጎለ፣ አዳራሹም በጭብጨባ ተናጋ። አንደኛው ወዳጄ «ይሄ ተቀርፆ ለትውልድ መተላለፍ አለበት» ይላል። ሁለተኛው «ከነከበሮው መቃጠል ነው ያለበት» ይላል። ትንሽ ከተጯጯሁ በኋላ ሁለቱም ወደ እኔ ዞሩ። «አንተ የዚያ አገር ሰው አይደለህ እንዴ? ፍረደና!»

አልፈረድኩም። ቡናዬን ጠጥቼ፣ ሒሳብ ከፍዬ ወጣሁ። የዚህ ነገር መዘዙ ሁሉ ያለው ፍርዱ ላይ መሆኑን እኔ አውቃለሁ። እነሱ የሚጨቃጨቁት ስለ ከበሮው ነው። ያን ዕለት ያልተናገርኩትን ዛሬ ልናገር።

ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ ነውና ከአገሩ እንጀምር። መንዝ ብርድ ነው። ከመሐል ሜዳ ተነሥተው በጓሳ በኩል ወደ ግሼ ራቤል ሲያልፉ የሌሊቱ ውርጭ አጥንት ይሰብራል። ሰዉ ባናውን ተከናንቦ፣ ገብሱን ቆልቶ፣ በድንጋይ ቤቱ ውስጥ እሳት ዳር ይሰበሰባል። ወደ መርሐቤቴ ሲወርዱ ደግሞ የጀማና የወንጪት ሸለቆ ሙቀት ይቀበላል። አየሩ ይለያይ እንጂ ሰው ታሞ የበሽታው ምክንያት ሲጠፋ የሚኬድበት መንገድ ግን በየትም አንድ ነው። መጀመሪያ ጠበል፣ ቀጥሎ ደብተራ፣ ቀጥሎ ባለ ዛር። ሐኪም ቤት ካለ፣ ገንዘብና ዕድሜ ከተረፈ፣ መጨረሻ ላይ ይሞከራል።

አደራ፣ ይህን ስል የመንዝን ሰው ተላላ ነው ማለቴ አይደለም። ይህ ሕዝብ የጓሳን ሣር መቼ እንደሚታጨድ፣ መቼ ከብት እንደሚገባበት፣ መቼ ደግሞ ማንም እንዳይነካው በቄሮ ሥርዓት ደንግጎ ለ400 ዓመት ገደማ የጠበቀ ሕዝብ ነው። በ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ ሥርዓቱ ሲፈርስ ጓሳው ተጎዳ፤ ሰዉ ግን እንደገና ተሰብስቦ፣ መክሮ፣ በኮሚቴ አድርጎ ጥበቃውን መለሰው። ዛሬ ቀይ ቀበሮና ጭላዳ የምናይበት ያ ስፍራ የቆየው በጠንቋይ ቃል አይደለም፤ በስሌት ነው። እንዲህ አርቆ የሚያስብ ሕዝብ ልጁ ሲታመምበት ለምን ከበሮ ቤት ይሄዳል? ብዙዎቻችን ይህን ጥያቄ ጠይቀን አናውቅም። መሳቅ ይቀለናላ!

ባለ ዛር ቤት እንዴት እንደሚያመሽ ለማያውቅ አንባቢ ባጭሩ ላስረዳ። ቤቱ ይጎዘጎዛል። ቡናው ይፈላል፤ አቦል፣ ቶና፣ በረካ። ዕጣኑ ይጨሳል፣ እንደ ቤቱ ልማድ ጫትና አረቄም ይቀርባል። ከዚያ መዝፈን ይጀመራል። አንዱ ያወጣል፣ ሌላው ይቀበላል፣ ከበሮ ይመታል፣ እጅ ይጨበጨባል። ዛሮቹ እንደ መኳንንት ማዕረግና ስም አላቸው፤ ሰይፉ ጨንገር፣ ራሂሎ፣ አዳል ሞቲ እየተባሉ ይጠራሉ። እያንዳንዱ ዛር የሚወደው ዜማ አለው ይባላል። ዜማው እስኪገኝለት አይወርድም። ሲወርድ ባለ ዛሩ ይንቀጠቀጣል፣ ያጓራል፣ ድምፁ ይለወጣል። ከዚያ በኋላ የሚናገረው «ፈረሱ» ሳይሆን «ጌታው» ነው። ታማሚው ምን እንደ ነካው፣ ማን እንዳስነካው፣ ምን ዓይነት ዶሮ እንደሚታረድ የሚነገረውም ያኔ ነው።

ይህ በብዙ አገራችን ክፍል ያለ ነገር ነው። ፈረንሳዊው ሚሼል ሌሪስ በ1932 እ.ኤ.አ. ጎንደር ላይ መልካም አያሁ ከምትባል ስመ ጥር ባለ ዛር ቤት ወራት ተቀምጦ የየዕለቱን ጻፈ። ሰውየው አጥኚ ሆኖ ገብቶ ለመሥዋዕቱ ከብት እስከ መግዛት ደርሷል። በ1958 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ የዛርን ነገር ከቲያትር ጋር አነጻጽሮታል፤ ተዋናዩ ራሱ ተውኔቱን የሚኖረው ቲያትር እንደ ማለት ነው። በዚያው ዓመት ሳይመን ሜሲንግ የተባለ አሜሪካዊ አጥኚ ደግሞ «የቡድን ሕክምና ነው» ብሎ ጻፈ። ሁለቱም ያዩትን አይተዋል። እኔም ያየሁትን ልንገራችሁ።

ዐሥር ዓመት ሳይሞላኝ አይቀርም። በሁለት ዓመት የሚያንሰኝ የአክስቴ ልጅ ይጥለው ነበር። ከብት ስንጠብቅ ሜዳ ላይ ሲጥለው ሣሩ ይቀበለዋል። አንድ ቀን ግን ምድጃ ዳር ጣለው፤ ቀኝ እጁ እሳት ውስጥ ገባ። ቤት ውስጥ ሰው ነበር። የነካው ግን አልነበረም። የሚጥለውን ሰው በያዘው ሰዓት የነካ በሽታው ይጋባበታል ይባላላ! አክስቴ እንስራዋን አዝላ ከወንዝ እስክትመለስ ድረስ እጁ እዚያው ነበር።

ቁስሉ ሲሽር ሦስት ጣቶቹ ተጣብቀው ቀሩ። ዘመድ ተሰብስቦ መከረ። የጨነቀው እርጉዝ ያገባል። በግ ተሸጠ፣ ቡናና ዕጣን ተገዛ፣ ገብስማ ዶሮ ተፈለገች፤ የግማሽ ቀን መንገድ ተጉዘን አንድ የታወቁ ባለ ዛር ዘንድ ደረስን። እኔን ያስከተሉኝ ዶሮዋን እንድይዝ ነው።

ከሰዓት በኋላ፣ ሰዉ ገና ሳይሰበሰብ፣ የቤቱ አጫፋሪ የሆነች ሴትዮ ደጅ ላይ አገኘችኝ። ቆሎ ዘገነችልኝ።

«የኔ ጌታ፣ ከወዴት መጣችሁ?»

ነገርኳት።

«ልጁ ምንህ ነው?»

«የአክስቴ ልጅ።»

«እኔን! እናቱስ እንዴት ትችለዋለች? ጎረቤቶቻችሁ ደጎች ናቸው?»

«ደጎች ናቸው።»

«ሁሉም?»

ቆሎው ጣፍጦኝ ነበር። ባሰብኩ ቁጥር የምትጨምርልኝ መሰለኝ። አሰብኩና አክስቴ ከሸክላ ሠሪዋ ጎረቤታችን ጋር በእንስራ ዋጋ ተኮራርፈው እንደ ነበር ነገርኳት። እውነትም ጨመረችልኝ።

ማታ መዝፈን ተጀመረ። እኔም ከተቀባዮቹ መሐል ነበርኩ። አልዋሽም፣ ደስ ብሎኝ ነበር። ያን ያህል ሰው አንድ ላይ ሲያጨበጭብ፣ ከበሮው ደረት ውስጥ ሲመታ፣ ዜማው ከአውጪው ወደ ተቀባዩ፣ ከተቀባዩ ወደ አውጪው ሲመላለስ እንቅልፍም ብርድም ይረሳል። አክስቴ ከዚያ ቀን በፊት እንደዚያ ቀና ብላ ስትቀመጥ አላየኋትም። ለወራት ልጇን ሰው ሲሸሽባት የኖረች ሴት፣ ያን ሌሊት 30 የማታውቃቸው ሰዎች ለልጇ ሲዘፍኑ ሰማች።

ከእኩለ ሌሊት በኋላ ባለ ዛሩ ተንቀጠቀጡ። ድምፃቸው ተለወጠ። «እጇ ከጭቃ፣ ዓይኗ ከልጃችሁ አይነሣም!» አሉ።

ልብ በሉ፤ ስም አልጠሩም። ስሟን የጠራችው አክስቴ ናት። «እሷ ናት! እሷ ናት!» አለች። ቤቱ ሙሉ እልል አለ። እኔም አጨበጨብኩ።

የቀረውን ማንም የሰሜን ሸዋ ሰው ሳልነግረው ያውቀዋል። ሸክላ ሠሪ፣ ቀጥቃጭና ሸማኔ «ቡዳ» እየተባለ የኖረበት አገር ነው። ከዚያ ቀን በኋላ ከሴትየዋ ምጣድ የሚገዛ ጠፋ። በር ላይ ስትደርስ ልጅ ይደበቃል። አንድ ሌሊት ለመተኮስ ያደረቀቻቸውን ገንቦዎች ሰው ረጋግጦ አደረ። ክረምቱ ከመግባቱ በፊት ባሏንና ልጆቿን ይዛ ወደ ቆላ ወረደች። ያቺ ሴት እኔ ሕፃን ሳለሁ መጫወቻ ትሆነኝ ዘንድ ጡጫ የምታክል ገንቦ ሠርታ የሰጠችኝ ናት።

ልጁስ? ዶሮዋ ከታረደች ከሰባት ቀን በኋላ ጣለው። አክስቴ እንደገና ሄደች፤ «ግብሩ ጎደለ» ተባለች። ሌላ በግ ተሸጠ። ከአራት ዓመት በኋላ በአንድ ጤና ጣቢያ የሚሠራ ድሬሰር ትንሽ ነጭ ክኒን በየማታው እንዲውጥ ሰጠው። ፌኖባርቢታል ይባላል። ከ1912 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ዓለም የሚያውቀው፣ ከሚጥል በሽታ መድኃኒቶች ሁሉ ርካሹ ነው። ከወር በኋላ አይጥለውም ነበር። ዛሬ በሁለት ጣት ሞፈር ይዞ ያርሳል።

«እንግዲያው ያቺ ሸክላ ሠሪ ምን አድርጋ ነበር?» ብሎ የጠየቀ ዘመድ ግን እስካሁን የለም።

አሁን ወደ ወዳጆቼ ልመለስ።

መጀመሪያ ለሁለተኛው፣ «ይቃጠል» ለሚለው። ወንድሜ፣ ምኑ ነው የሚቃጠለው? ዜማው ከሆነ መጽሐፍ ቅዱስህን ግለጥ። ኤልሳዕ ለነገሥታቱ ከመናገሩ በፊት በገና የሚመታ ሰው አምጡልኝ ማለቱ በ2ኛ ነገሥት ምዕራፍ 3 ተጽፏል። ሳኦል ከጉባዔ ነቢያት ጋር ሲገናኝ በገናና ከበሮ ከፊታቸው ነበር። እንዲያውም ሳኦል የዚህ ነገር ዋና ምስክር ነው። ክፉ መንፈስ ሲያስጨንቀው ዳዊት በገና ይመታለት ነበር፣ ያርፍ ነበር። ዜማ አሳረፈው። ቆይቶ ደግሞ ነገን ለማወቅ ፈልጎ በጨለማ ተደብቆ ወደ ዓይንዶር ጠንቋይ ሄደ። በማግስቱ ጊልቦዓ ተራራ ላይ በገዛ ሰይፉ ወደቀ። ዜማውና ጥንቆላው ሁለት ነገር መሆናቸውን ከሳኦል የበለጠ የሚያውቅ የለም።

ማቃጠሉስ ቢሆን አልተሞከረም? ደብረ ብርሃንን የቆረቆረው ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ በ15ኛው መቶ ዘመን ጥንቆላን ከሥሩ ሊነቅል ተነሥቶ ሕዝቡ ሰይጣንን መካዱን የሚገልጽ ጽሑፍ በግንባሩና በክንዱ እንዲይዝ አዘዘ። የገዛ ልጆቹን ሳይቀር በዚሁ ክስ ቀጣ። ከከሳሾቹ መሐል ግን በሐሰት ሰው ያስፈጁ ነበሩ። እንግዲህ አስቡት! የጠንቋይን ቤት ለማፍረስ የተሠራው አደባባይ ራሱ ስም የሚጠራበት፣ የተጠራው የሚጠፋበት ቤት ሆነ። ንጉሡ ከሞተ ከ550 ዓመት በላይ ሆኖታል፤ ከተማው ደብረ ብርሃን አለ፤ ባለ ዛሩም አለ።

ለአንደኛው ወዳጄ፣ «ቅርስ ነው» ለሚለው ደግሞ ሌላ ጥያቄ አለኝ። ዜማው ይመዝገብ ካልክ እስማማለሁ። ግጥሙ ይሰብሰብ፣ ከበሮው ይቀረፅ፣ ዛሮቹ የሚናገሩበት ልዩ ቋንቋ ይጠና። ቮልፍ ሌስላው የሚባለው ታላቅ የቋንቋ ሊቅ ይህን ቋንቋ በ1949 እ.ኤ.አ. ጽፎበታል፤ እኛ ለምን ወደ ኋላ እንቀራለን? ግን መድረኩ ላይ ያመጣኸው ግማሹን ነው። ከበሮውን አመጣህ፤ ሸክላ ሠሪዋን ተውካት። የተረጋገጡት ገንቦዎች የት አሉ? የልጁ ጣቶች የት አሉ? ቅርስ ብለህ ስትመዘግብ ሁሉንም መዝግብ።

«የቡድን ሕክምና ነው» የሚለውንም አልንቅም። እውነት አለበት። ሳምንቱን ሙሉ ውሃ ስትቀዳ፣ ስትፈጭ፣ ጭቃ ስትለቀልቅ የከረመች ሴት፣ ለአንድ ሌሊት የመኳንንት ዛር ፈረስ ሆና ባሏን «ቀሚስ ግዛላት!» ብላ ስታዝዝ ደስ ይበላት። ማን ይከለክላታል? ስለ ዛር ሲተረክ ሔዋን ከ30 ልጆቿ ቆንጆዎቹን 15 ከእግዚአብሔር ዓይን ስለ ደበቀች የተሰወሩት ናቸው ይባላል። የተደበቀ ሰው ታሪክ ነው። ተደብቆ የኖረ ሰው አንድ ሌሊት ብቅ ቢል ሕክምናው ነው እንበል። ግን ሕክምናው በሌላ ሰው ላይ ጣት ሲቀስር ያኔ ሕክምና መሆኑ ያበቃል። በየትኛውም አገር አንዱን ለማዳን ጎረቤቱን የሚያሳምም ሐኪም የለም።

«ታዲያ እንዴት ያውቃሉ?» የሚል አንባቢ አይጠፋም። «የኔን የቤት ገበና ሳልነግራቸው አወቁት» የሚል የባንክ ሠራተኛ፣ የዩኒቨርሲቲ መምህር፣ ባለ መኪና አውቃለሁ። መልሱ ቀላል ነው፤ እኔ ነኝ የነገርኳቸው። አዎ፣ እኔ፣ በእፍኝ ቆሎ። የእናንተን ደግሞ ሾፌራችሁ፣ ወረፋ ስትጠብቁ አጠገባችሁ የተቀመጠችው አዛኝ ሴትዮ፣ ወይም እናንተው ራሳችሁ ነግራችኋቸዋል።

በየደጁ በማለዳ እየዘፈኑ የሚለምኑትን ላሊበላዎች አስታውሱ። እነሱም ከጎረቤት የባለቤቱን ስም፣ የልጆቹን ስም ጠይቀው ነው የሚዘፍኑት። ዘዴው አንድ ነው። ግን ላሊበላው መርቆ፣ የተሰጠውን ተቀብሎ ይሄዳል። ማንንም አይከስም። መረጃ መሰብሰቡ ነውር አልነበረም፤ ነውሩ የሚሠራበት ሥራ ነው።

ሁለተኛው ዘዴ ደግሞ የእኛው የአማርኛ ጸጋ ነው። ሰሙን እሳቸው ይናገራሉ፤ ወርቁን እኛ እንፈታለን። «እጇ ከጭቃ» ሲሉ ስም የለበትም። ጭቃ ያልነካች የመንዝ ሴት ማን አለች? ሁሉም ቤት ይለቀልቃል፣ ሁሉም እርሻ ይገባል። አክስቴ ግን የተኮራረፈቻትን ሰው አስገባችበት። ይሄ የእኛ ብቻ አይደለም። የሊዲያው ንጉሥ ክሮይሶስ ወደ ዴልፊ ልኮ ከፋርስ ጋር ልዋጋ ወይ ብሎ ቢጠይቅ «ብትዋጋ ታላቅ መንግሥት ታፈርሳለህ» ተባለ። ተዋጋ፤ የራሱን መንግሥት አፈረሰ። ሄሮዶቶስ እንደሚለው ንጉሡ ኋላ ሲወቅሳቸው የዴልፊ ሰዎች «የማንን መንግሥት ብለህ ለምን አልጠየቅህም?» አሉት። ጠንቋይ አይሳሳትም፤ የሚሳሳተው ሁልጊዜ ጠያቂው ነው። በጉ ግን አይመለስም።

እስካሁን ስለ መንዝ አወራሁ። የአዲስ አበባ አንባቢዬ ዘና ብሎ እያነበበ ይሆናል። አይመቸው።

ከበሮው ኪቦርድ ሆኗል እንጂ ቤቱ ከተማም ገብቷል። አዳራሽ ውስጥ ሕዝብ ይሰበሰባል፣ ይዘመራል፣ እጅ ይጨበጨባል፣ ዜማው እየጋለ ይሄዳል። ልክ በጋለበት ሰዓት አንድ ሱፍ የለበሰ ሰው ማይክሮፎን ይዞ የሰው ስምና የስልክ ቁጥር ይጠራል። «በቤታችሁ ውስጥ የምትተበትባችሁ ሴት ትታየኛለች» ይላል። ወደ ሌላው ወገን ዞር ብትሉ ደግሞ ታማሚ በካሜራ ፊት እየጮኸች «ማን ነው የበላሽ?» ተብላ ትጠየቃለች፤ የአክስቷን ወይም የጎረቤቷን ስም ትጠራለች። ያ ድሮ በቪሲዲ ይሸጥ ነበር፤ አሁን በስልካችን በነጻ ይመጣል። ቲክቶክ ላይ ደግሞ ስኒ ገልብጣ በቀጥታ ሥርጭት የምታነብ አለች፤ በበግ ፈንታ ስጦታ ይላክላታል።

እምነትን እየነካሁ አይደለም። መዝሙር መዝሙር ነው፣ ጸሎትም ጸሎት ነው፤ ጠበልም ለሚያምንበት ጠበል ነው። የምጠይቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ዜማው ሲያልቅ ስም ይጠራል ወይ? ከተጠራ፣ መስቀል ይሰቀል፣ ኪቦርድ ይደርደር፣ ቄጤማ ይጎዝጎዝ፣ ቤቱ ያው የባለ ዛሩ ቤት ነው። በመንዝ ሰው የሚስቀው የከተማ ሰው የራሱን ጭብጨባ አይሰማም። የመንዙ ገበሬ እንኳ ክኒኑ ቅርቡ አልነበረም፤ የከተማው ሰው ፋርማሲውን አልፎ ነው የሚሄደው።

ክኒኑን ካነሣሁ አይቀር፣ ወቀሳዬን ወደ ላይም ልበል። በዓለም ላይ 50 ሚሊዮን ያህል የሚጥል በሽታ ያለባቸው ሰዎች እንዳሉ፣ ተገቢውን ሕክምና ቢያገኙም ከ100ው እስከ 70ው ሳይጥላቸው መኖር እንደሚችሉ የዓለም ጤና ድርጅት ይናገራል። ዛሬ መሐል ሜዳ ሆስፒታል አለው። ዓለም ከተማም እናት ሆስፒታል አለ። እኔ ልጅ ሳለሁ ካለው ጋር ሲወዳደር ትልቅ ነገር ነው። ለአእምሮ ሕሙማን ግን ለብዙ ዐሥርት ዓመታት አገሪቱ የነበራት ሆስፒታል አዲስ አበባ ያለው አማኑኤል ብቻ ነበር። ከግሼ ተነሥቶ አማኑኤል የሚደርስ ስንቱ ነው? በ2014 ዓ.ም. መጀመሪያ ጦርነቱ ሰሜን ሸዋ ድረስ ሲዘልቅ፣ ከ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ጀምሮም ክልሉ ሌላ ግጭት ውስጥ ሲገባ፣ መንገድ ሲዘጋ መጀመሪያ የሚቋረጠው እንዲህ ያለው በየቀኑ የሚዋጥ ክኒን ነው። የሚጥል በሽታ መድኃኒት ደግሞ በድንገት ሲቋረጥ በሽታው ከበፊቱ ብሶ ሊመጣ ይችላል። ክኒኑ ሲጠፋ እናትየው ምን ታድርግ? ከበሮው መንገድ አያስፈልገውም፣ ነዳጅ አያስፈልገውም፣ ሁልጊዜ እዚያው ነው። የቸገረው ዱቄት ከነፋስ ይጠጋል። ጠንቋይን በስብከትና በዘመቻ አጠፋለሁ የሚል ባለሥልጣን ካለ፣ መጀመሪያ ክኒኑ ሳይቋረጥ መሐል ሜዳና ራቤል መድረሱን ያረጋግጥ።

ግን ሁሉንም በመንግሥት ላይ ጥዬ እጄን አልታጠብም። ክኒን ባይኖርም ያቺ ሴት መሰደድ አልነበረባትም። ጎረቤትን አለማባረር ፋርማሲ አያስፈልገውም።

ብዙ ጊዜ ያን ሌሊት መልሼ አስበዋለሁ። ባለ ዛሩ ብቻቸውን ምን ማድረግ ይችሉ ነበር? ምንም። ተቀባይ ከሌለው አውጪ አይዘፍንም። ከበሮውን የመታው ሰው፣ ቡናውን ያፈላችው ሴት፣ ጎረቤት የከሰሰው ልጅ፣ ስም የጠራችው እናት፣ እልል ያለው ቤት፣ ሁላችንም ነበርን። ዕውቀቱ የእኛ ነበር፣ ዜማው የእኛ ነበር፣ ጭብጨባው የእኛ ነበር። እሳቸው ያመጡት ፍርዱን ብቻ ነው። ይከፈላቸው የነበረውም ለእርሱ ነው። ፍርዱን ደግሞ የፈጸምነው እኛ ነን፤ ባለ ዛሩ ገንቦ ለመርገጥ የግማሽ ቀን መንገድ አልመጡም።

ስለዚህ ለሁለቱ ወዳጆቼ ያን ዕለት የነፈግኳቸው መልስ ይኸው። ከበሮውን አታቃጥሉ፤ መድረክ ላይም ዝም ብላችሁ አታስጊጡት። ለታመመ ሰው ሠላሳ ሆኖ ማምሸት፣ ለጨነቃት እናት መዝፈን፣ ቡና አፍልቶ አብሮ መንጋት፣ ይህን ከባለ ዛሩ ቤት አውጥተን ወደ ገዛ ቤታችን እንውሰደው። አክስቴን ያን ሌሊት ቀና ያደረጋት እሱ ነበርና። ልጁንም ክኒኑን እየሰጠን እንዝፈንለት። ግን ዜማው ጋል ብሎ፣ አንድ ሰው ብድግ ብሎ «እሷ ናት» ሲል፣ መንዝም ይሁን አዳራሽ፣ ስልክም ይሁን ቴሌቪዥን፣ እጃችንን እንሰብስብ። ዝም እንበል። ያን ሌሊት ዝም ያለ አንድ ሰው ቢገኝ፣ «ቆይ፣ ምን አይታችሁ ነው?» ያለ አንድ ሰው ቢኖር ኖሮ፣ ምናልባት ያቺ ሴት ገንቦዎቿን ተኩሳ ለገበያ ታደርስ ነበር።

እኔ ትንሿን ገንቦ ከሰበርኳት ብዙ ዓመት ሆነኝ። ሴትየዋ የሄደች ሰሞን፣ «የቡዳ ዕቃ ነው» ብለውኝ ድንጋይ ላይ የፈጠፈጥኳት እኔው ነኝ።